የእንግዳው ብዕርና የእኛ መዝገብ

በዚች በየዓመቱ በምናወጣት መጽሔታችን ላይ ዘንድሮ ስለ አንድ የታሪክ ጸሐፊ ልናጫውታችሁ ተነሥተናል። ጸሐፊው እንግሊዛዊ ናቸው፤ ስማቸውም ፕሮፌሰር ሪቻርድ ፓንክረስት ይባላል። «ታዲያ እድርና ፈረንጅ ምን አገናኛቸው?» የሚል ከመካከላችን አይጠፋም። «የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ» ሲባል አድገን የለም ወይ? ተረቱ እውነት ነው። ነገር ግን እኒህ ሰው ከስልሳ ዓመት በላይ ስለ አገራችን የጻፉ፣ እድርንም ቀደም ብለው በወረቀት ላይ ካሰፈሩት ሰዎች አንዱ የሆኑ፣ በመጨረሻም እዚሁ አዲስ አበባ አርፈው እዚሁ የተቀበሩ ናቸው። ስለዚህ ለቀብር ማኅበር መጽሔት እንግዳ አይደሉም።

የተነሣንበት ዋና ነገር ግን እሳቸውን ለማወደስ ብቻ አይደለም። ከእሳቸው የሥራ ዘመን የምንማረው ነገር አለ፤ ይኸውም እንግዳ ሰው የቱንም ያህል ቢተጋ ሊጽፍ የሚችለው ዓይኑ የደረሰበትንና ተጽፎ የተገኘውን ብቻ ነው፤ የቀረው በእኛ በሰበታ፣ በቡራዩና በሱሉልታ ሰዎች እጅ፣ በየሣጥናችንና በየሽማግሌው ልብ ውስጥ ተቀምጧል። እሱ ደግሞ ቀን በቀን እያለቀ ነው። አንባብያን እንዳይምታታባችሁ፣ «ዓ.ም.» ያልነው በእኛ አቆጣጠር፣ «እ.ኤ.አ.» ያልነው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።

የእናታቸው ልጅ

የሪቻርድን ነገር ለማውራት ከእናታቸው መጀመር ግድ ነው። እናታቸው ሲልቪያ ፓንክረስት በአገራቸው ሴቶች የመምረጥ መብት ያግኙ ብለው ሲታገሉ ብዙ ጊዜ የታሰሩ፣ እስር ቤት ውስጥም እህል አንቀምስም ብለው በረሃብ የታገሉ ሴት ናቸው። አባታቸው ሲልቪዮ ኮሪዮ ደግሞ ፋሺስትን የሚቃወሙ ጣሊያናዊ ስደተኛ ነበሩ። ሪቻርድ ከእነዚህ ሁለት ሰዎች ለንደን ውስጥ በኅዳር ወር 1920 ዓ.ም. ተወለዱ።

የጣሊያን ጦር አዲስ አበባ በገባበት በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. ሰሞን ሲልቪያ «ኒው ታይምስ ኤንድ ኢትዮጵያ ኒውስ» የተባለ ጋዜጣ ለንደን ውስጥ ማውጣት ጀመሩ። መንግሥታት ሁሉ «ኢትዮጵያ አበቃላት» ብለው ፊታቸውን ባዞሩበት ሰዓት እሳቸው አላበቃላትም እያሉ 20 ዓመት ሙሉ ጋዜጣውን አወጡ። ሪቻርድ ያን ጊዜ የ8 ዓመት ልጅ ነበሩ። ሌላው የለንደን ልጅ ኳስ ሲያባርር እሳቸው ስለ አድዋና ስለ ማይጨው እየሰሙ አደጉ ማለት ነው። አገራችንን ሳያዩ በፊት ስሟን ለመዱት።

እናትና ልጅ ጓዛቸውን ጠቅልለው አዲስ አበባ የገቡት እ.ኤ.አ. በ1956 ነው። ሲልቪያ ያን ጊዜ ዕድሜያቸው ከ70 አልፏል። በዚህ ዕድሜ ሰው ወደ ትውልድ አገሩ ይመለሳል እንጂ አዲስ አገር አይጀምርም፤ እሳቸው ግን ጀመሩ። «ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር» የተባለ መጽሔትም ማዘጋጀት ያዙ። አራት ዓመት ብቻ ኖረው መስከረም 17 ቀን 1953 ዓ.ም. በመስቀል ዕለት አረፉ። ንጉሠ ነገሥቱ በተገኙበት በታላቅ ክብር በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ከአርበኞች ጎን ተቀበሩ። በሰው አገር የሞተችን ሴት አገሩ ሁሉ ዘመድ ሆኖ ቀበራት። እድርተኛ ለሆነ ሰው የዚህ ነገር ትርጉም አይጠፋውም።

እድርን ያዩበት ዓይን

ልጅየው በአዲስ አበባ የዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ አስተማሪ ሆኑ። እ.ኤ.አ. በ1957 በሩማንያ የተወለዱትን ሪታ ኤልደንን እዚሁ አገባ አድርገው ቤት መሠረቱ፤ ወይዘሮ ሪታም በብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ሠርተዋል። ልጆቻቸውን አሉላና ሄለን አሏቸው። አሉላ የተባሉት በማን ስም እንደሆነ ለእናንተ መንገር ለቀባሪው ማርዳት ነው።

ሪቻርድ ለንደን ሳሉ የተማሩት የኢኮኖሚ ታሪክ ነው። ገና ወጣት ሳሉ እ.ኤ.አ. በ1954 አንድ መጽሐፍ አሳትመው ነበር፤ የሚያወራውም ዊሊያም ቶምፕሰን ስለተባለ የአየርላንድ ሰው ነው። ይህ ቶምፕሰን ከመቶ ዓመት በፊት «ሰዎች ጉልበታቸውንና ገንዘባቸውን አዋጥተው ቢተባበሩ ድህነትን ያሸንፋሉ» ብሎ ያስተማረ ሰው ነው። እንግዲህ ሪቻርድ አዲስ አበባ ሲገቡ ዓይናቸው ምን ለማየት እንደተዘጋጀ አስቡት። ሌላው ፈረንጅ ቤተ መንግሥትና አንበሳ ሊያይ ሲሮጥ እሳቸው በየሰፈሩ የድንኳኑን ተካይ፣ የጡሩምባውን ነፊ፣ የወር መዋጮ ሰብሳቢውን አዩ።

በመጡ በሁለተኛው ዓመት፣ ማለት እ.ኤ.አ. በ1958፣ ከአንድ ኢትዮጵያዊ ጋር ሆነው ኢትዮጵያውያን እርስ በርስ ስለሚረዳዱባቸው ማኅበሮች በ«ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር» ላይ ጻፉ። እድርና እቁብ በትምህርት ቤት ደጃፍ በማይነሡበት በዚያ ዘመን «ይህም ታሪክ ነው» ብለው መጻፋቸው ትልቅ ነገር ነው። እኛ ራሳችን እንኳ እድርን እንደ ታሪክ አንቆጥረውም፤ ሰው ሲሞት የሚነሣ፣ ሲቀበር የሚረሳ ነገር ይመስለናል። ነገሩ በእሳቸውም አልቆመም፤ ልጃቸው ዶክተር አሉላ ፓንክረስት የኅብረተሰብ ጥናት ሊቅ ሆነው፣ እ.ኤ.አ. በ2000 ከሌላ ኢትዮጵያዊ ምሁር ጋር እድር ኤድስን በመከላከል ረገድ ምን ሊሠራ እንደሚችል ጽፈዋል። አባት የጀመረውን ልጅ ቀጠለ።

የተራው ሰው ታሪክ

ሪቻርድ ፓንክረስት ከ20 የማያንሱ መጻሕፍትና በመቶ የሚቆጠሩ ጽሑፎች አሳትመዋል። ሁሉን ዘርዝረን አንጨርሰውም። ነገር ግን ሥራቸውን ስናገላብጥ አንድ ጠባይ እናያለን። ንጉሥ ከማን ጋር ተዋጋ የሚለውን ሌላው ጽፎታል ብለው ይመስላል፣ እሳቸው ሰው ምን በላ፣ ምን ለበሰ፣ በምን ገበየ፣ በምን በሽታ ሞተ ብለው ይጠይቃሉ።

ለምሳሌ የአሞሌን ነገር እንውሰድ። አሞሌ ጨው አባቶቻችን እንደ ገንዘብ ይገበያዩበት እንደነበር ሁላችን ሰምተናል። ሪቻርድ ግን ወደ አገራችን የመጡትን መንገደኞች ጽሑፍ አንድ በአንድ እያነበቡ፣ በዚህ ዓመት በዚህ ገበያ አንድ የማርያ ቴሬዛ ብር በስንት አሞሌ ይመነዘር ነበር ብለው ለቀሙ። ጨው ከሚወጣበት ከአፋር በረሃ በቅርብ ያለ ገበያ ላይ በአንድ ብር ብዙ አሞሌ ይገኛል፤ እየራቀ ሲሄድ ቁጥሩ ያንሳል፤ ምክንያቱም የአጋሰሱ ድካምና የየኬላው ቀረጥ ይጨመርበታል። ይህ ለእኛ ለነጋዴዎች ግልጽ ነው። ከአንድ መንገደኛ ማስታወሻ ላይ ቁራሽ ወሬ፣ ከሌላው ላይ ሌላ ቁራሽ እየለቀሙ የአገር ገበያ ታሪክ ሰፉ። እ.ኤ.አ. በ1965 ደግሞ የመንገደኞቹን ጽሑፍ ራሱን ሰብስበው በአንድ መጽሐፍ አወጡት። ከ1800 እስከ 1935 ያለውን የኢትዮጵያን የኢኮኖሚ ታሪክ የያዘው ትልቁ መጽሐፋቸው በ1968 ታተመ።

ሌላው የደከሙበት ነገር ረሃብና በሽታ ነው። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. የነበረውን «ክፉ ቀን» አያቶቻችን በለቅሶ ይነግሩን ነበር። ከህንድ ለጣሊያን ጦር በምፅዋ በኩል ከመጡ ከብቶች ጋር የገባው የከብት በሽታ በሬውን ሁሉ ጨረሰው፤ በሬ ሲያልቅ እርሻ ቆመ፤ እርሻ ሲቆም ሰው አለቀ። ሪቻርድ ይህን ታሪክ ከዜና መዋዕሉም፣ ከሚሲዮኑም፣ ከመንገደኛውም ጽሑፍ አሰባስበው እ.ኤ.አ. በ1966 አሳተሙት። በኋላም በ1977ቱ ረሃብ ጊዜ፣ እ.ኤ.አ. በ1985፣ ስለ ቀድሞ ዘመን ረሃብና ወረርሽኝ የጻፉት መጽሐፍ በእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በኩል እዚሁ አዲስ አበባ ታተመ። ረሃብ አዲስ ነገር እንዳይደለ፣ የቀደሙት ነገሥታትም ምን እንዳደረጉና ምን እንዳላደረጉ የሚያሳይ መጽሐፍ ነው።

ለእኛ ለእድርተኞች ደግሞ ከሁሉ ይልቅ ልብ የሚነካው ስለ ኅዳር በሽታ የጻፉት ነው። በየዓመቱ ኅዳር 12 ቀን ጠዋት በየሰፈራችን ቆሻሻ ተሰብስቦ ሲቃጠል፣ ጭሱ ሲጋረድ እናያለን። «ኅዳር ሲታጠን» እንለዋለን። ልጆቻችን ግን ለምን እንደሚታጠን አያውቁም። ነገሩ እንዲህ ነው፦ በኅዳር 1911 ዓ.ም. መላውን ዓለም ያጠቃው የጉንፋን ወረርሽኝ አዲስ አበባ ገባ። ያኔ አልጋ ወራሽ የነበሩት ራስ ተፈሪ እንኳ ታመው በመከራ ነው የተረፉት። በከተማዋ 10 ሺሕ ያህል ሰው እንዳለቀ ይገመታል። ከየቤቱ አንዱ ለአንዱ ውሃ የሚያቀብለው ጠፋ፤ የሞተውን የሚቀብር ታጣ። ሰው ቀባሪ አጥቶ የቀረበት ዘመን ነበር ማለት ነው። እንግዲህ «እድር ለምን ያስፈልጋል?» ለሚል ወጣት ከዚህ የበለጠ መልስ ከየት ይመጣል? በኮሮና ጊዜ፣ በ2012 ዓ.ም.፣ ድንኳን አትትከሉ፣ ለቀስተኛ አትሰብስቡ ሲባል የተሰማንን አስታውሱና፣ የዚያን ዘመን ሰዎች ሐዘን በዚያ ገምቱት።

የእኛ ከተሞች የት አሉ?

«የሰበታ፣ የቡራዩ፣ የሱሉልታስ ነገር?» ትሉ ይሆናል። ሪቻርድ የኢትዮጵያን ከተሞች ታሪክ በሁለት ትላልቅ መጻሕፍት ጽፈዋል፤ አንዱ እ.ኤ.አ. በ1982፣ ሁለተኛው በ1985 ታተመ። ከተማ እንዴት ይወለዳል፣ ለምን ይሞታል የሚለውን ነው የሚከተሉት። ቀድሞ የነገሥታቱ ከተማ ድንኳን ነበር፤ ማገዶው ሲያልቅ፣ እህሉ ሲያልቅ፣ ይነሣና ወደ ሌላ ቦታ ይሄዳል።

አዲስ አበባም እንዲሁ ልትነሣ ምንም አልቀራትም ነበር። በእንጦጦ ላይ የነበረው ዛፍ ተቆርጦ አለቀ። እንጨት ከመናገሻ ጫካ ድረስ በሰውና በከብት ጫንቃ ይጋዝ ጀመር። ስለዚህ አፄ ምኒልክ እ.ኤ.አ. በ1900 ወደ ምዕራብ 55 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ላይ አዲስ ዓለምን ቆረቆሩ፤ አዲስ አበባን ሊተዉ ነው ተባለ። ነገር ግን ጥቂት ዓመት ቀደም ብሎ የገባው ባሕር ዛፍ ቶሎ ቶሎ ማደጉ ታየ፤ ተቆርጦ እንደገና ማቆጥቆጡ ታየ፤ ማገዶውም ማገሩም ከሱ ተገኘ። ከተማዋ ባለችበት ቀረች፤ አዲስ ዓለም ላይ የተጀመረው ቤተ መንግሥትም ቤተ ክርስቲያን ሆነ።

አሁን ካርታውን በዓይነ ልቡናችሁ ዘርጉት። ወደ አዲስ ዓለም የሚወስደው መንገድ የሚያልፈው በቡራዩ ነው። የመናገሻ ጫካና የወጨጫ ተራራ ያሉት ከሰበታ ወዲያ ማዶ ነው። ከእንጦጦ ጀርባ ተዘርግቶ የሚታየው ሜዳ ሱሉልታ ነው። እንጨቱ ያለፈው በእኛ ደጅ፣ ገበያተኛው የተሻገረው በእኛ ሜዳ ነው። ቅጠልና ጭራሮ በጀርባቸው አዝለው ከእንጦጦ የሚወርዱት ሴቶች እናቶቻችንና እኅቶቻችን ናቸው። ባሕር ዛፉ አዲስ አበባን አዳናት ሲባል፣ ያን ባሕር ዛፍ የተከለው፣ የቆረጠው፣ የተሸከመው ማን ነበር? እዚህ ላይ ነው መጽሐፉ ዝም የሚለው። በመንገደኞቹ ማስታወሻ ውስጥ አካባቢያችን የሚገኘው እንደ ማለፊያ መንገድ ነው። ማለፊያ መንገድ ደግሞ ሰው የለበትም።

ለንደን ሆነው የጻፉት

ወደ ሪቻርድ እንመለስ። እ.ኤ.አ. በ1963 የኢትዮጵያ ጥናት ተቋም ስድስት ኪሎ በቀድሞው የገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ውስጥ ሲቋቋም የመጀመሪያው ዳይሬክተር እሳቸው ነበሩ። ስታኒስላው ሆይናትስኪ የተባሉ የፖላንድ ሰው ደግሞ ቤተ መጻሕፍቱንና ሙዚየሙን አደራጁ። ዛሬ ልጆቻችን ከየትምህርት ቤቱ እየሄዱ የሚጎበኙት ሙዚየም ያ ነው። ከሦስት ዓመት በኋላም ከልዩ ልዩ አገር የመጡ የኢትዮጵያ ጥናት ሊቃውንት የተሰበሰቡበት ሦስተኛው ጉባኤ አዲስ አበባ ላይ ተደረገ።

አብዮቱ ፈነዳና ነገር ሁሉ ተለዋወጠ። እ.ኤ.አ. በ1976 ቤተሰቡ ወደ ለንደን ተመለሰ። ሪቻርድ እዚያ የሠሩት ሥራ ያስገርማል፤ የንጉሣዊው የእስያ ማኅበር ቤተ መጻሕፍት ኃላፊ ሆኑ። ይህ ማኅበር እ.ኤ.አ. በ1823 የተቋቋመ፣ ስለ ህንድ፣ ስለ ፋርስ፣ ስለ ቻይና የተጻፉ መጻሕፍት የሚያከማች የቆየ ማኅበር ነው። ኢትዮጵያን የሚያጠና ሰው በእስያ መጻሕፍት መካከል ምን ያደርጋል? ለሳቸው ግን ባሕሩ አገሮችን የሚለያይ ግንብ አልነበረም፤ የሚያገናኝ መንገድ ነበር።

ይህን አስቀድመውም በጽሑፋቸው አሳይተው ነበር። በምፅዋና በዳህላክ ደሴቶች ይነግዱ ስለነበሩት የህንድ ነጋዴዎች፣ ስለ ባንያኖቹ ጽፈዋል። ወደ ህንድ ስለተሻገሩት ኢትዮጵያውያንም ጽፈዋል። ከነዚህ መካከል ማሊክ አምባር ይገኝበታል። በአሥራ ስድስተኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ከአገራችን በባርነት ተሸጦ፣ በዓረብ አገርና በባግዳድ በኩል አልፎ፣ ደቡብ ህንድ ደረሰ። እዚያ ወታደር፣ ቀጥሎ የጦር አዛዥ፣ በመጨረሻ የአህመድናጋር መንግሥት እንደራሴ ሆነ። የሙጋሎችን ጦር ለዓመታት መክቶ ያቆመ፣ ኋላ አውራንጋባድ የተባለችውን ከተማ የቆረቆረ፣ ውሃ በቦይ ያስገባ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1626 ሲሞት በክብር ተቀበረ፤ መቃብሩም እስከ ዛሬ አለ። ከእናቱ ጉያ የተሸጠ ልጅ በሰው አገር ቀባሪ አላጣም።

በተቃራኒው ደግሞ ሐኪም ወርቅነህ እሸቴን አስቡ። በ1860 ዓ.ም. መቅደላ ስትወድቅ እንግሊዞች አንሥተው የወሰዱት ሕፃን ህንድ ውስጥ አድጎ ሐኪም ሆነ፤ በበርማም ሠራ፤ ኋላ ወደ አገሩ ተመልሶ ሕዝቡን አገለገለ። ጣሊያን በወረረን ጊዜ በለንደን የኢትዮጵያ ሚኒስትር የነበሩት እሳቸው ናቸው። ከኛ ከጎልማሶቹም ብዙዎቻችን በየአውራጃው ትምህርት ቤት ሒሳብና ፊዚክስ ያስተማሩን የህንድ መምህራን እንደነበሩ አንዘነጋም። እንግዲህ የእስያና የኢትዮጵያ ታሪክ ከሩቅ የመጣ ወሬ ሳይሆን በየቤታችን ያለ ነው።

የከተሞቻችንን ታሪክ የያዙት ሁለቱ መጻሕፍት የታተሙት እሳቸው ከኢትዮጵያ ወጥተው በነበሩበት ዘመን መሆኑን ልብ በሉ። ሰውየው ከአገሩ ቢርቁ አገሩ ከሳቸው አልራቀም። እ.ኤ.አ. በ1986 ተመልሰው መጡና ሥራቸውን ካቆሙበት ቀጠሉ።

የመቃብር ድንጋይ ይመለስ

በእርጅናቸው ዘመን ከያዟቸው ጉዳዮች ትልቁ የአክሱም ሐውልት ጉዳይ ነው። ሐውልት ሲባል ብዙ ሰው ጌጥ ይመስለዋል። የአክሱም ሐውልቶች ግን በመቃብር ላይ የቆሙ የመቃብር ምልክቶች ናቸው። 24 ሜትር ቁመትና 160 ቶን ያህል ክብደት ያለውን ሐውልት ፋሺስቶች እ.ኤ.አ. በ1937 ነቅለው ሮማ ላይ አቆሙት። ጣሊያን በ1947 በተፈረመው የሰላም ውል ልትመልስ ቃል ገባች፤ ግን ዓመት ዓመትን እየወለደ 58 ዓመት ዘገየ። ሪቻርድና ባልደረቦቻቸው ደብዳቤ ከመጻፍ፣ ጋዜጣ ላይ ከመሟገት፣ ፊርማ ከማሰባሰብ አልቦዘኑም። «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» እንደሚባለው፣ ውሉ በወረቀት ስለነበረ እሱን ይዘው ተከራከሩ። በመጨረሻ ሐውልቱ እ.ኤ.አ. በ2005 በሦስት ተቆራርጦ በአውሮፕላን ተመለሰ፤ በ2008ም በቦታው ቆመ። ከመቅደላ የተዘረፉት ታቦታት፣ መጻሕፍትና ንዋያት እንዲመለሱም ማኅበር አቋቁመው ደክመዋል፤ እሱ ገና አልተፈጸመም።

ፕሮፌሰር ሪቻርድ የካቲት 9 ቀን 2009 ዓ.ም. በ89 ዓመታቸው አዲስ አበባ ውስጥ አረፉ። እንደ እናታቸው እሳቸውም በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ተቀበሩ።

የቀረው የኛ ነው

እንግዲህ ወደ ራሳችን እንምጣ። የሪቻርድ ሥራ ትልቅ ነው፤ ነገር ግን ከተጻፈ ነገር ላይ የተሠራ ነው። መንገደኛው ያላየውን፣ ዜና መዋዕል ጸሐፊው ያልቆጠረውን እሳቸውም ሊያገኙት አይችሉም። ብዙው ሥራቸውም በእንግሊዝኛ ስለሆነ ሰፈራችን ድረስ አልወረደም። የቦታ ስም እንኳ መንገደኞቹ እንደመሰላቸው አጣመው ይጽፉት ነበር፤ የቦታውን ስም ትርጉምና አመጣጥ የሚያውቁት ግን አብረውን የሚኖሩት የኦሮሞ ሽማግሌዎች ናቸው። እነሱን የጠየቀ ከመካከላችን ስንቱ ነው?

ሦስቱ ከተሞቻችን በ2015 ዓ.ም. በሸገር ከተማ ሥር ሆነዋል። ወረዳውም ቀበሌውም ስሙም ተለዋውጧል። ትናንት ጤፍና ገብስ ይታጨድበት በነበረ ማሳ ላይ ዛሬ ፋብሪካና ፎቅ ቆሟል። ሰው ከየአቅጣጫው መጥቷል፤ ከአዲስ አበባ የተነሣውም፣ ከክፍለ ሀገር የመጣውም፣ ጥንትም እዚሁ የነበረውም በአንድ ድንኳን ሥር ይቀመጣል። ይህን ሁሉ የመዘገበው ማን ነው? ከጠየቃችሁን የእድሩ ጸሐፊ ነው እንላለን።

የእድር መዝገብ ስንል የዚያን ቅጠሉ የተጨማደደ፣ ዘይትና ሻማ የነካው፣ በእጅ የተሰመረ ደብተር ነው። በውስጡ ምን አለ? አባል የገባበት ቀን፣ የቤተሰቡ ብዛት፣ የወር መዋጮው ልክ፣ የቀረበት የተቀጣበት፣ ለሐዘንተኛ የተሰጠው ገንዘብ፣ የተገዛው ድስትና ጣሳ፣ የድንኳኑ ዋጋ፣ የሞተው ሰው ስምና ዕለት። ሪቻርድ የአሞሌን ምንዛሪ ከመንገደኛ ማስታወሻ እንደለቀሙት፣ ነገ የሚመጣ የታሪክ ሰው የዘመናችንን የኑሮ ውድነት ከመዋጮአችን ከፍና ዝቅ ሊያነብ ይችላል። በአንድ ወር ውስጥ ጡሩምባው ደጋግሞ የተነፋ እንደሆነ፣ በዚያ ወር ምን በሽታ እንደገባ መዝገቡ ይናገራል። የኅዳር በሽታ ጊዜ እንዲህ ያለ መዝገብ በየሰፈሩ ተይዞ ቢሆን ኖሮ የሞቱትን በግምት ባልቆጠርናቸው፤ በስማቸው በጠራናቸው ነበር።

አሁን ግን መዝገቡ በምን ሁኔታ ላይ ነው? ጸሐፊው ሲቀየር አሮጌው ደብተር ከቤት ቤት ይንከራተታል። አይጥ ይበላዋል፤ ዝናብ ይመታዋል፤ አንዳንዱም ስኳር መጠቅለያ ይሆናል። ይህ በማንም የሚሳበብ ነገር አይደለም፤ ነገሩን እንደ ታሪክ ስላልቆጠርነው ነው። ስለዚህ በሚቀጥለው ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ሦስት ነገር እንድትወስኑ በትሕትና እንጠይቃለን።

አንደኛ፣ ያለቀ መዝገብ ሁሉ ከድንኳኑና ከዕቃው ጋር በእድሩ ንብረትነት ተቆጥሮ በንብረት ያዡ እጅ በቆርቆሮ ሣጥን ተቆልፎ ይቀመጥ። ስልክ ያላቸው ወጣቶቻችንም ገጽ በገጽ ፎቶ ያንሡትና ቅጂው በሁለት ቦታ ይቀመጥ። ሣጥኑ ከአንድ ድስት ዋጋ አይበልጥም፤ ፎቶው ደግሞ ከጥቂት ሰዓት ድካም በቀር ወጪ የለበትም።

ሁለተኛ፣ ከእንግዲህ አባል ሲያርፍ ከስሙና ከዕለቱ ጋር የት እንደተወለደ፣ መቼ ወደዚህ እንደመጣ፣ በምን ሥራ እንደኖረ በሦስት በአራት መስመር ይጻፍ። ይህን ለመጻፍ ፕሮፌሰር መሆን አያስፈልግም። ለቅሶ ላይ የሚወራውን ማስፈር ነው እንጂ።

ሦስተኛ፣ መሥራቾቻችን ዛሬ ጥቂት ናቸው። የቀሩት በሕይወት ሳሉ እድሩ እንዴት እንደተመሠረተ፣ የመጀመሪያው መዋጮ ስንት እንደነበረ፣ መጀመሪያ የቀበሩት ማንን እንደሆነ፣ ሰፈሩም ያኔ ምን ይመስል እንደነበር፣ አማርኛ ተናጋሪውም ኦሮምኛ ተናጋሪውም በየቋንቋው ይጠየቁና ይጻፍልን።

«ይህ ሁሉ ለምን? እድር ለመቅበር ነው እንጂ ለመጻፍ አይደለም» የሚል ሊኖር ይችላል። መልሳችን ይህ ነው፦ ሰውን ሁለት ጊዜ መቅበር ይቻላል፤ አንድ ጊዜ በአፈር፣ ሁለተኛ በመርሳት። የመጀመሪያው ግዴታችን ነው፤ በወግ በማዕረግ እንፈጽመዋለን። ሁለተኛውን ግን መከልከል እንችላለን። ከባሕር ማዶ የመጡ ሰው የአያቶቻችንን ረሃብ፣ የገበያቸውን አሞሌ፣ የእድራችንን ደንብ ታሪክ ነው ብለው ከጻፉ፣ እኛ አብረውን ድንኳን የተከሉትን፣ ሬሳ የተሸከሙትን፣ ንፍሮ የቀቀሉትን ሰዎች በስማቸው መጻፍ አያቅተንም።

ለዛሬው በዚሁ ይብቃን። እግዚአብሔር ለከርሞ በጤና ያድርሰን፤ ያረፉትንም ነፍስ ይማርልን። በስብሰባው ላይ እንገናኝ፤ አሮጌ ደብተር በቤታችሁ ያላችሁም ስትመጡ ይዛችሁ ኑ።